መስመር የሌለው አሻራ

«ከሳሿ ከሞተች አንቺ ምን ልታደርጊ ነው የምትሄጂው?» አለኝ የፖስታ ጋሪው ነጂ፣ ድልድዩን እየተሻገርን ሳለ አንገቱን ወደ ኋላ አዙሮ።

«ፍርድ ቤት ቀጠሮ አለኝ።»

«እሱንማ ነገርሽኝ። ክሱ አብሯት አልተቀበረም ወይ ነው የምልሽ።»

አሥራ አንደኛው ጠያቂ እሱ ነው። እትዬን ከቀበርን አምስተኛ ቀናችን፤ በአምስት ቀን ውስጥ አሥራ አንድ ሰው ይህንኑ ጠይቆኛል፣ ቆጥሬያለሁ። ጎረቤቶቼ እንባቸውን ሳይጠርጉ ጠየቁኝ። መቃብር ቆፋሪው አካፋውን ሳያራግፍ ጠየቀኝ። መልሴን የሚጠብቅ ደግሞ የለም፤ ጥያቄውን ወርውሮ፣ ራሱን ነቅንቆ፣ «እንግዲህ ምን ይደረጋል» ብሎ ይሄዳል። ሰፈሩ ሁሉ በአንድ ሳምንት የሕግ ሊቅ ሆኖ አረፈው።

«ወንድሜ፣ አንተ ፈረሶቹን ንዳ፤ ሕጉን ለእኔ ተወው።»

«ኧረ ምላስ!» አለና ጅራፉን አጮኸ።

የደብዳቤ ከረጢቶቹ ላይ ተቀምጬ የቆርቆሮ ሣጥኔን በጉልበቶቼ መሀል አጥብቄ ይዣለሁ። ጋሪው በዘለለ ቁጥር ክዳኑ አገጬን ይለኛል። ውስጡ ያለው ሦስት ወረቀት ብቻ ነው፤ እትዬ ልትሞት አራት ቀን ሲቀራት አልጋዋ ላይ ሆና ለመሐላ ሹሙ የሰጠችው ቃል፣ የቀብር ማስረጃዋ፣ እና ያ ቃል ትናንት ከፍርድ ቤት ሲመለስ ተያይዛበት የመጣች ብጣሽ። ብጣሿ ላይ በሚያምር የእጅ ጽሕፈት እንዲህ ተብሏል፦ «አሻራው መስመር የለውም። ተናጋሪዋ ቀርባ ድጋሚ ታድርግ።»

ተናጋሪዋ። ቀርባ። ድጋሚ።

እትዬ የአባቴ እህት ናት፤ ከአራት ዓመቴ ጀምሮ ያሳደገችኝ። የጦር ሰፈሩን ልብስ እሷ ታጥባለች፣ እኔ በከሰል ካውያ እተኩሳለሁ። ማንበብ ማንም አላስተማረኝም። የተተኮሰ ሸሚዝ የምንጠቀልልበት ወረቀት ማተሚያ ቤቱ አበላሽቶ የሚጥለው ነበር፤ አንድ ዓመት የወንጀል ሕጉን መጽሐፍ ሲያትሙ ቀለም ፈሰሰባቸውና ክምሩን እንዳለ ለእኛ ሰጡን። ካውያው እስኪግል አንድ ገጽ፣ ሸሚዙ እስኪበርድ አንድ ገጽ እያልኩ ሕጉን ከብዙዎቹ ጠበቆች በፊት ጨረስኩት። ጣጣው ያነበብኩትን ገጽ መልሼ ልብስ ስለምጠቀልልበት ነው። የማውቀው ብዙ፣ በእጄ ያለው ጥቂት። ተበዳይ ከፍርድ በፊት ቢሞት ምን እንደሚደረግ የሚናገረው ገጽ፣ እንደማስታውሰው፣ የአንድ ሻለቃ የውስጥ ሱሪ ጠቅልሎ ሄዷል።

ነገሩ የተጀመረው ከዘጠኝ ወር በፊት፣ በሰልፍ ዋዜማ ነው። የመጋዘኑ መቶ አለቃ «የኮቴ አንገት አልጠነከረም» ብሎ ማጠቢያ ቤት ገባ። እኔ ልብስ ላደርስ ወጥቼ ነበር። የእትዬን ቀኝ እጅ አንጓዋ ላይ ይዞ የልብስ ማጠንከሪያ ስታርች በሚፈላበት ድስት ውስጥ ነከረው። የፈላ ውኃ ይወርዳል፤ ስታርች ግን ይጣበቃል። ስመለስ እጇን በእርጥብ አንሶላ ጠቅልላ ገንዳው ጠርዝ ላይ ተቀምጣለች። ሌሎቹ አጣቢዎች ጀርባቸውን ሰጥተውን ያጥባሉ። እስከ ዛሬም ያጥባሉ፤ ያየ የለም።

እትዬ ግን ከሰሰች። የፍርድ ቤቱ ሐኪም እጇን ሊያይ ሦስት ጊዜ ተቀጥሮ ሦስቴም ሳይመጣ ቀረ። በዘጠነኛው ወር ብርድ ሳንባዋ ውስጥ ገባና ገደላት፤ ከእጇ ጋር የሚያገናኘው ነገር የለም። መቶ አለቃው ገደላት እንዳልል ውሸት ነው፤ አልገደላትም እንዳልል አንጀቴ ያራል።

*

የመዝገብ ቤቱን ሹም እውነተኛ ስም የሚያውቅ ሰው ያለ አይመስለኝም። ባለጉዳይ ሁሉ «አቶ ድጋሚ» ነው የሚላቸው። በዚያ ዘመን መጻፍ የማይችል ሰው ወረቀት ግርጌ ላይ ጭረት አድርጎ መሄዱ ቀርቶ አውራ ጣቱን ቀለም ነክሮ እንዲያትም ከታዘዘ ገና ሦስት ዓመቱ ነበር። አቶ ድጋሚ አዲሱን ደንብ ራሳቸው የወለዱት ይመስል ይሳሱለታል። በመስኮታቸው ላይ የቀለም ሰሌዳ፣ የማኅተም ሰም፣ የነሐስ እጀታ ያለው አጉሊ መነጽር ተሰልፈዋል፤ በመካከላቸው አንዲት አቧራ ብትገኝ ሰውየው የሚታመሙ ይመስለኛል።

የመሐላ ቃሉን ሰጠኋቸው። አጉሊውን አንሥተው ግርጌውን አዩና ከንፈራቸውን መጠጡ።

«ይኸው፣ ድፍን ጥቁር! ምኑን ከምኑ ልለየው? ድጋሚ።»

«ሞታለች ጌታዬ።»

«ማን?»

«የጣቱ ባለቤት።»

«መቼ?»

«አምስት ቀኗ።»

«እና ለምን አላሳወቀችም?»

ይቀልዱ እንደሆነ ብዬ ፊታቸውን አየሁ። አይቀልዱም።

«ደክሟት ይሆናል» አልኩ።

«ባለጉዳይ አድራሻ ሲለውጥ በሦስት ቀን ውስጥ ለመዝገብ ቤት ማመልከት አለበት» አሉ፤ እጃቸውን ዘርግተው የቀብር ማስረጃውን ተቀበሉኝ። አገላብጠው አዩት። «ሁለተኛው ቅጂስ?»

«አንድ ጊዜ ነው የሞተችው።»

ከኋላዬ የተሰለፈ ሰው ሳቀ። አቶ ድጋሚ አልሳቁም። እኔም አልሳቅሁም፤ ደሜ ፈልቶ ነበር።

«የዛሬ አራት ወር እዚችው መስኮት ላይ፣ በግራ እጇ ታድርግ ብዬ ለምኜዎት ነበር። ለምኜዎት!»

«ደንቡ የቀኝ አውራ ጣት ይላል።»

«ቀኟ እኮ የተቃጠለው ነው!»

«ደንቡ ‹ካልተቃጠለ በቀር› አይልም። እኔ ልጨምርበት?» አጉሊውን ቦታው መለሱት፤ ቀጥ ማለቱንም አረጋገጡ። «ስሚኝ ልጅት፤ በሦስት ዓመት ውስጥ ከዚህ መስኮት አንድ የተበላሸ አሻራ አላለፈም። የመለስኩትን ሁሉ ከነቀኑ ከነምክንያቱ ጽፌ ይዣለሁ።» ቀይ ሽፋን ያለውን የተመላሽ መዝገብ ደባበሱት፤ የልጅ ራስ የሚደባብሱ ይመስላሉ። «ሰው ይሞታል፣ ይሄዳል። መዝገብ ንጹሕ መሆን አለበት።»

ልብስ አጣቢ ያሳደገችኝን ሴት ስለ ንጽሕና ያስተምሩኛል! መልሴ ምላሴ ጫፍ ላይ ደርሶ ነበር፤ የአራት ሰዓቱ ደወል አዳናቸው።

*

ዓቃቤ ሕጉን በረንዳው ላይ አገኘሁት። ወጣት ነው፤ ዓይኑ ሥር ግን የሽማግሌ ከረጢት አለው። እትዬ ከሞተች ወዲህ ያልጠየቀኝ ሰው እሱ ብቻ ነበርና ገና ሳየው ተስፋ አደረግሁ።

«ክሱ ሞተ አይደል?» ስል እኔው ጠየቅሁት።

«ማን እንዲህ አለሽ? ወንጀል ሲሆን ተከሳሹን የሚከስሰው መንግሥት ነው። አክስትሽ ተበዳይና ምስክር ናት እንጂ ክሱ የግሏ አይደለም።»

«ተመስገን።»

«ቆይ፣ አትቸኩዪ።» አንገቱን አከከ። «ይህ ለከባድ ጉዳት ነው። ቀላል ጉዳት ከሆነ በተበዳዩ አቤቱታ ብቻ የሚታይ ነገር ነው፤ አቤት ባዩ ከሞተ መዝገቡ አብሮ ይዘጋል። ጠበቃው ዛሬ የሚታገለው ለዚህ ነው። ቀላል ነው ካሰኘ፣ መቶ አለቃው ከምሳ በፊት ቤቱ ነው።»

«እጇ እኮ ደርቆ ነው የሞተችው! መርፌ መያዝ አቅቷት!»

«አውቃለሁ እህቴ። በመዝገቡ ውስጥ ያለው ግን የጦር ሰፈሩ ቁስል አሳሪ የጻፈው ነው፤ ‹ቀላል ቃጠሎ፣ በሁለት ሳምንት የሚድን›። የፍርድ ቤቱ ሐኪም አላያትም። ያንቺን ቃል እንዳላቀርብ በደንቡ የዘመድ ቃል ለጉዳት መጠን አይበቃም። እጇ ራሱ ደግሞ…» ወደ መሬት አየ።

እጇ ራሱ አፈር ውስጥ ነው። እኔ ራሴ ነኝ ደረቷ ላይ ያጣጠፍኩት።

«ደንቆሮ ደንብ!» አልኩ። «ሰው ሲታመም ሐኪም አይመጣም፣ ሲሞት ሐኪም የት አለ ይላል። ማነው ይህን የጻፈው?»

«ከጻፈው ሰው ጋር አላስተዋወቁኝም» አለና ካባውን እያስተካከለ ወደ ውስጥ ገባ።

*

የችሎት ጠሪው በር ላይ ቆሞ ሳንባውን ሞላ። ጠሪ ሦስት ጊዜ ይጠራል፤ ሦስቴ ተጠርቶ ያልቀረበ ከሳሽ «ቀረ» ተብሎ ይጻፍበታል።

«የሰባት ቁጥር ከሳሽ!»

እርግብ ከጣሪያው ተነሣች።

«የሰባት ቁጥር ከሳሽ!»

መቶ አለቃው ነጭ ጓንት አጥልቆ፣ ሰይፉን በር ላይ አስረክቦ፣ የተከሳሽ መቆሚያው ውስጥ ቀጥ ብሎ ቆሟል። ከእኛ በኋላ ልብሱን የሚያጥቡለት ሰዎች ኮቱን ገድለውታል፤ አንገቱ እንደ ረጠበ ቅጠል ተልፈስፍሷል። ለዚህ አንገት ነው እንግዲህ ያ ሁሉ።

«የሰባት ቁጥር ከሳሽ!»

«ሞታለች!» አልኩ፤ ከተቀመጥኩበት። ጠሪው ደነገጠ። ለሦስተኛው ጥሪ ማንም መልሶለት አያውቅም መሰለኝ።

ዳኛው በዕድሜ የገፉ፣ ጢማቸው በትንባሆ የበለዘ ሰው ናቸው። በትር አነሡና ጠረጴዛውን ሳይመቱ መልሰው አኖሩት። «መሞቷ ተመዝግቧል። ጠበቃ፣ ቀጥል።»

ጠበቃው አንጀት አርስ ድምፅ ነበረው። ሟቿን አከበረ፣ ነፍሷ እንዲያርፍ ተመኘ፤ ከዚያ የቁስል አሳሪውን ወረቀት አነበበ። በሁለት ሳምንት የሚድን፤ ቀላል፤ በግል አቤቱታ የሚታይ፤ አቤት ባይ የሌለው። «ስለዚህ፣ ክቡር ዳኛ፣ ሟቿም ክሱም በሰላም ይረፉ» ብሎ ተቀመጠ። በሰላም ይረፉ! እንዲህ የሚያምር ነገር ተናግሮ ሰው ሲያስቆጣኝ የመጀመሪያዬ ነበር።

«ዓቃቤ ሕግ፣» አሉ ዳኛው፣ «ጉዳቱ ዘላቂ ለመሆኑ በመዝገቡ ውስጥ ምን አለ?»

«ሟቿ በመሐላ የሰጠችው ቃል አለ፣ ክቡር ዳኛ። ጣቶቿ አይሰሟትም ነበር፣ ምንም ነገር መያዝ አትችልም ነበር።»

«የለም!» አለ አንድ ድምፅ ከጸሐፊዎቹ ወንበር። አቶ ድጋሚ ቀዩን መዝገብ አቅፈው ተነሥተዋል። «ይቅርታ ክቡር ዳኛ፤ ያ ወረቀት ተመላሽ ነው። በግርጌው ያለው አሻራ መስመር የለውም።»

ዓቃቤ ሕጉ ዓይኑን ጨፈነ። እኔ ጥርሴን ነከስኩ። ጠላት አንሶን ይህ ሰው ደግሞ ተጨመረብን!

«አንድ ነጠላ ስሕተት ቢሆን አልፈው ነበር» አሉ አቶ ድጋሚ፤ አድማጭ ሲያገኙ ድምፃቸው ይሞቃል። «ነገር ግን ይህቺ ሴት ስትመለስ ሦስተኛ ጊዜዋ ነው። ሦስቴ! ሁልጊዜ ያው ጉድለት። ከመጀመሪያው ቀን እስከ መጨረሻው ምንም መሻሻል አላሳየችም!»

ምንም መሻሻል አላሳየችም።

መቼ እንደተነሣሁ አላውቅም። «ክቡር ዳኛ፣ ቀኑን ያንብቡልን!»

«አንቺ ማነሽ?»

«የወንድሟ ልጅ ነኝ።»

«ምስክር ነሽ?»

«ዘመድ ነሽ ብለው ከልክለውኛል።»

«እንግዲያው ተቀመጪ።»

«እቀመጣለሁ። ግን እኚህ ሰው የመለሱበትን ቀን ከመዝገባቸው ያንብቡ። ሌላ ምንም አልልም።»

ዳኛው ሊያስወጡኝ አፋቸውን ሲከፍቱ ዓቃቤ ሕጉ ዓይኑን ገለጠ። ወደ እኔ አየ፣ ወደ ቀዩ መዝገብ አየ፤ ከረጢት ያዘለው ዓይኑ በአንድ ጊዜ ወጣት ሆነ። «ክቡር ዳኛ፣ ጥያቄው የእኔ ሆኖ ይያዝልኝ።»

አቶ ድጋሚ እስኪለመኑ አልጠበቁም። ጣታቸውን በምራቅ እያራሱ ገለጡ። የመጀመሪያው ከቃጠሎው ሦስት ሳምንት በኋላ፣ አቤቱታዋን ስታስገባ፦ አሻራው መስመር የለውም፣ ተመላሽ። ሁለተኛው በአምስተኛው ወር፣ ቃሏን ስታረጋግጥ፦ አሻራው መስመር የለውም፣ ተመላሽ። ሦስተኛው በዘጠነኛው ወር፣ በአልጋዋ ላይ። ያው።

«ከቃጠሎው በፊትስ?» አለ ዓቃቤ ሕጉ። «ያኔ አሻራዋን ተቀብለው ያውቃሉ?»

«እንዴ!» አቶ ድጋሚ ፊታቸው በራ። «የጦር ሰፈሩ የልብስ አጠባ ውል ላይ፣ የዛሬ ሁለት ዓመት ተኩል። ጥርት ያለ፣ አንደኛ ደረጃ! ለአዳዲስ ጸሐፊዎች ማሳያ አድርጌው ነበር።»

ውሉ ከመደርደሪያ ወረደ። ዳኛው አጉሊ መነጽሩን ጠየቁ፤ አቶ ድጋሚ እጀታውን በእጅጌያቸው ወልውለው ሰጡ። ዳኛው መጀመሪያ ውሉን አዩ፤ የእትዬ አውራ ጣት፣ መስመሩ እንደ ተቆረጠ ግንድ ቀለበት በቀለበት። ከዚያ የመሐላ ቃሉን አዩ፤ ጥቁር ጠብታ። እንደገና ውሉን።

«በውሉ ላይ የምስክር ፊርማ አለ» አሉ ቀና ሳይሉ። «መቶ አለቃ፣ ያንተ ነው?»

መቶ አለቃው ጓንቱን ጎተተ። «ይመስለኛል።»

ጠበቃው ዘሎ ተነሣ። «ክቡር ዳኛ፣ እነዚህ ጥቁር ጠብታዎች የማንም ጣት ሊሆኑ ይችላሉ! ወይም ሆነ ብላ ጣቷን አንሸራታው ይሆናል! ይህ መዝገብ ምን ያህል ቢታመን…»

«ምን አልክ?»

አቶ ድጋሚ ነበሩ። እንዲህ ያለ ድምፅ ያላቸው አይመስለኝም ነበር።

«በእኔ መስኮት? የማንም ጣት? የመጀመሪያውንና ሁለተኛውን በእነዚህ እጆቼ ጣቷን ይዤ፣ ቀለሙን እኔው ቀብቼ፣ እኔው ነኝ የተጫንኳት! ምን ማንሸራተት አለ? ጣቷ እንደ ሰም ልሙጥ ነበር። ‹አጥብቀሽ ተጫኚ› ብዬ ተቆጣኋት። ‹መጫኔን አላውቀውም ጌታዬ፣ አይሰማኝም› አለችኝ። እኔም ‹ሰበብ አታብዢ› ብዬ…»

ቆሙ።

አጉሊያቸው ዳኛው እጅ ውስጥ ስለነበር እጃቸው የሚይዘው አጥቶ ጠረጴዛው ላይ ፈለገ፣ ፈለገ፣ ከዚያ ቀዩን መዝገብ ያዘ። በመጀመሪያው ቀን እኔ ከበሩ ውጭ ቆሜ እጠብቃት ነበር፤ ስትወጣ ያለችኝ «ድጋሚ ነው የተባለው» ብቻ።

ዳኛው አጉሊውን አኖሩ።

«ጻፍ» አሉ ለጸሐፊው። «በሁለት ሳምንት ይድናል የተባለ እጅ በዘጠኝ ወሩም የጣቱን መስመር አላገኘም። ይህን ያረጋገጠው የፍርድ ቤቱ የራሱ መዝገብ ነው፤ ዘመድ አይደለም፣ ጠላትም አይደለም። ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን በከባድ ጉዳት ያየዋል። በከባድ ጉዳት ከሳሹ መንግሥት ነው፤ የመንግሥትን የቀብር ማስረጃ እስካሁን ያመጣልኝ የለም። የሟቿ ቃል በማስረጃነት ይነበባል። ተከሳሹ በሚቀጥለው ወር በአሥረኛው ቀን ይከላከል፤ እስከዚያው ከዚህ ከተማ አይወጣም።»

አሁን ጠረጴዛውን በበትሩ መቱ።

መቶ አለቃው ወደ ጠበቃው ጎንበስ ሲል የኮቱ አንገት ተገለበጠ። ደስ አለኝ ብል አልዋሽም፤ አለቀስኩ ብልም አልዋሽም። ሁለቱንም በአንድ መሐረብ ጨረስኩት።

*

የቀጠሮ ወረቀቴን ልቀበል ወደ መስኮቱ ተመለስኩ። አቶ ድጋሚ ቦታቸው ተቀምጠዋል። አጉሊው በቦታው አለ፣ ግን ጠማማ ሆኖ ተቀምጧል፤ አላቀኑትም።

የመቀበያ ደብተሩን ገለጡልኝ፤ እንደ ልማዳቸውም የቀለም ሰሌዳውን ገፉልኝ። ዘጠኝ ወር ሙሉ በዚህ ሰሌዳ ተጣልተናል። እኔ መጻፍ እችላለሁ፤ ፊርማዬም ከሳቸው ይበልጥ ያምራል። በመጣሁ ቁጥር ሰሌዳውን መልሼ ገፍቼ ስሜን ሙሉውን፣ ከነአባቴ፣ ሁለት መስመር አስይዤ ነበር የምጽፈው፤ ይናደዱ ብዬ።

ዛሬ ከመስመሬ በላይ ያለውን አየሁ። በአምስተኛው ወር እትዬ ራሷ መጥታ ቀጠሮ የተቀበለችበት ነው፤ ክብ፣ ልሙጥ፣ ጥቁር ጠብታ። አጠገቡ በቀይ ቀለም፦ «ድጋሚ»።

እጄን አነሣሁ። ግራ አውራ ጣቴን ሰሌዳው ላይ አድርጌ ከሷ ጠብታ ሥር አጥብቄ ተጫንኩት።

አቶ ድጋሚ ጣቴን አዩ። ከዚያ እኔን አዩኝ።

«ግራ ነው» አሉ፣ ቀስ ብለው።

«ግራ ነው።»

ቀዩን ብዕር አነሡ። ቀለሙ ውስጥ ነከሩት፣ ከብልቃጡ አፍ ላይ አንጠበጠቡት፣ እንደገና ነከሩት። እኔ አልተንቀሳቀስኩም፤ ከኋላዬ የተሰለፈው ሰው ጉሮሮውን ጠረገ። አቶ ድጋሚ ጎንበስ አሉና በጣቴ አሻራ አጠገብ «ደህና» ብለው ጻፉ። ከዚያ ብዕሩ ወደ ላይ ወጣ፣ ወደ እትዬ መስመር፣ እዚያ ቀይ «ድጋሚ» ጋ ደረሰና በላዩ ላይ አንዲት ቀጭን ሰረዝ ጎተተ።

በዚያ መስኮት ያየሁት የመጀመሪያ ስርዝ ነው።